አያፈስም ያለው ዋስ

ሰፈሩ «ውሃልክ» ነው የሚለው። ግንበኛ ነው። የሰው ግድግዳ ባየ ቁጥር አንድ ዓይኑን ጨፍኖ ስለሚለካ ቅጽል ስሙ በዚያው ጸና። እንግድነት ሄዶ እንኳ ከመቀመጡ በፊት ማዕዘኑን በመዳፉ ዳበስ ያደርጋል። ሚስቱ «እባክህ ሰው ፊት አታሳፍረኝ» እያለች ስንቴ ጎሽማዋለች።

የራሱን ቤት የሠራው ከሰው ሥራ በተረፈችው ሰዓት፣ ድንጋዩን አንድ በአንድ እየመረጠ ነው። ከኋላ መኖሪያው፣ ከፊት መንገዱን የሚያዩ፣ ለኪራይ የታሰቡ ሁለት ሱቆች። የሚስቱ ታናሽ ወንድም ዳቦ ቤት ልክፈት ብሎ ከባንክ ሲበደር፣ ውሃልክ ይህን ቤት አስይዞ ዋስ ሆነለት። ዳቦ ቤቱ ከሰረ። ማሽኑም ምድጃውም ተሸጦ ለዕዳው ጠብ አላለም። ባንኩ ከሰሰ፣ ተፈረደለት፤ ፍርድ ቤቱም የዋሱን ቤት ለሐራጅ የሚገምት ባለሙያ ላከ።

ገማቹ የመጣ ዕለት ውሃልክ ሥራ ላይ ነበር። እህትና ወንድም ግን አስቀድመው መክረዋል። ቤቱ የማይረባ ከመሰለ ማን ይገዛዋል፣ ባንኩም ሰልችቶት ይተወናል አሉ። ሳሎኑ መሃል ባልዲና ሳፋ ደረደሩ። ሱቆቹን ቆልፈው «እነሱማ ሊናዱ ነው፣ አይግቡ» አሉት። ሰውየው ያየውንና የሰማውን ጽፎ ሄደ።

ግምቱ ሲደርሳቸው ጉዱ ታየ። በዚያ ዋጋ ዕዳው የሚሸፈነው ግቢው እንዳለ ከተሸጠ ብቻ ነው።

«ሰውየውን ምን አልሽው?» አለ ውሃልክ።

«ያፈሳል አልኩት።»

«የቱ ነው የሚያፈሰው?»

«ምኑም። ለቤታችን ብዬ እኮ ነው።»

«እኔ የሠራሁት ቤት ያፈሳል።»

«አሁን የከነከነህ ከቤት መውጣታችን ነው ወይስ ስምህ?»

«ሁለቱም» አለ። የትኛው እንደሚብስ ግን አልነገራትም።

ግምቱን ተቃውሞ አመለከተ፤ በቀጠሮው ቀን ሸሚዙን አስተኩሶ ችሎት ገባ። ከእሱ በፊት የቀረበው ዋስ ፊርማው የኔ አይደለም ብሎ ሲምል ሲገዘት ቆይቷል። ዳኛዋ ደክሟቸዋል።

«እርስዎም ዋስ አይደለሁም ሊሉ ነው?»

«ነኝ። ፊርማውም የኔ ነው።»

«ታዲያ ቅሬታዎ ምንድን ነው?»

«ቤቴ ተንቋል፣ ክብርት ዳኛ። ያፈሳል ተብሎ ተጽፏል። አያፈስም።»

«ያፈሳል ያሉት ባለቤትዎ ናቸው እኮ።»

«ዋሽታለች። ይቅርታ ትጠይቃለች።»

ሚስቱ ከኋላ ወንበር ላይ ፊቷን በሻርፗ ሸፈነች። ችሎቱ ሳቁን ዋጠ።

ዳኛዋ ወደ ባንኩ ጠበቃ ዞሩ። «ይቃወማሉ?»

ጠበቃው አንገቱን አከከ። «መያዣው ውድ ነው ሲባል ባንኩ ምን ብሎ ይቃወማል?»

«ጣሪያው ላይ ውሃ ይልቀቁበት» አለ ውሃልክ። «አንዲት ጠብታ ከገባች ግቢውን እንዳለ ይውሰዱት። ካልገባች ግን በልኩ ይገመት፤ ለዕዳው የሚበቃው ያህል ብቻ ይሸጥብኝ።»

ከሚስቱ ጎን የተቀመጠው አማቹ፣ ያ ባለ ዳቦ ቤቱ፣ ጭንቅላቱን ያዘ። ዳኛዋ እንደገና ይገመት ብለው አዘዙ።

የውሃ ጎማውን ይዞ ጣሪያው ላይ የወጣው ራሱ አማቹ ነው። ጎረቤት መሰላሉን ደግፎ አንጋጠጠ። ገማቹ ሳሎን ተቀምጦ ኮርኒሱን ያያል፤ ሚስትየው ከንፈሯን ነክሳ ገማቹን ታያለች። ከላይ ውሃው እንደ ዶፍ ይወርዳል።

«ልጨምር?» አለ አማቹ ከላይ።

«ጨምር» አለ ውሃልክ።

ገማቹ በመጨረሻ ተነስቶ የግድግዳውን ማዕዘን በመዳፉ ዳበሰ። «ባለፈው ይሄን ማን ከለከለኝ?» አለ። ሚስትየው «እኔ ነኝ፣ ወንድሜ። ይቅር በለኝ» አለችው፤ የሱቆቹንም ቁልፍ በእጁ አስቀመጠች።

በአዲሱ ግምት ሁለቱ ሱቆች ብቻ ለዕዳው በቁ። ሐራጁ ላይ ውሃልክ እንደ ሙሽራ አባት ተገትሮ ቆመ። ጨረታ መሪው «ግንቡ ጽኑ፣ ጣሪያው የማያፈስ» ብሎ ሲያነብ አገጩ ትንሽ ከፍ አለ። የሚያጽናናው ሰው ሲመጣ «ኪራያቸው ይጎድልብኛል፣ አልዋሽም። የሄዱት ግን በዋጋቸው ነው» እያለ መለሰው።

ከሱቆቹ ወደ ቤት የሚያስገባውን በር በድንጋይ ሲደፍን፣ አማቹ ሲሚንቶ ያቀብለው ነበር።

«ጋሼ፣ አንድ ቀን እከፍልሃለሁ።»

«እሺ» አለ ውሃልክ፣ ድንጋዩን እያስተካከለ። «አሁን ግን ይሄን በደንብ አቡካ። ቀጥኗል።»