የበቆሎዎቹ ተራ

ይህ ታሪክ መጻፍ የሚገባው ስለመሆኑ እስካሁን እርግጠኛ አይደለሁም። ሁለት ልጆች በማኒላ ወረቀት ላይ ስለሠሩት ጨዋታ ነው፤ በዚያ ላይ ከኛ ቤት የባሰ የደረሰባቸው ስንት ቤቶች እያሉ የኛን ማውራት ነውር ይመስለኛል። ግን ባለፈው ሳምንት በዩኒቨርሲቲው ማደሪያችን አንዲት ልጅ ከቤት የተላከላትን ቆሎ ከፌስታል ወደ ባዶ ቆርቆሮ ስትገለብጥ፣ ጥሬው የቆርቆሮውን ግርጌ ሲመታ ሰምቼ ደብተሬን ዘግቼ ወደ ውጭ ወጣሁ። ጓደኞቼ ምን ሆንሽ ብለው ሲጠይቁኝ መልስ አጣሁ፤ የምጽፈው ያንን መልስ ፍለጋ ነው።

ያደግሁት ነቀምቴ ውስጥ፣ በሁለት ቋንቋ ነው። አባቴ የሲሬ ሰው፣ የሒሳብ አስተማሪ ሲሆን እናቴ ከወሎ ሄደው ኪራሙ ከሰፈሩ ገበሬዎች የተወለደች ናት። አባታችንን በኦሮምኛ፣ እናታችንን በአማርኛ እናናግር ነበር፤ የእናቴን ወንድም ደምሴን ግን በአባቴ ቋንቋ «ኤሱማ» እንለው ነበር፣ የእናት ወንድም ማለት ነው። በየዓመቱ እሸት ሲደርስ አንድ ማዳበሪያ በቆሎ በአውቶቡስ ጣሪያ ላይ አስጭኖ ይመጣና በሩ ላይ ቆሞ፣ «የከተማ ሰዎች፣ ዘንድሮም ከገበያ ገዝታችሁ ነው የምትበሉት?» እያለ ይቀልድብን ነበር።

ሰባተኛ ክፍልን በጨረስኩበት ክረምት ኤሱማ አልመጣም። በውጊያው ምክንያት የኪራሙ መንገድ ተዘግቶ፣ ስልክም ተቋርጦ ነበር። እናቴ ጠዋት ጠዋት መስኮቱ ጋ ቆማ ትደውልና፣ ጥሪው አይሠራም የሚለውን የተቀዳ የሴት ድምፅ እስከ መጨረሻው ሰምታ ስልኩን ጠረጴዛው ላይ በዝግታ ታስቀምጠው ነበር። እኔና ወንድሜ ቶለሳ ከግቢ እንዳንወጣ ተከልክለን፣ ዝናቡም አላባራ ብሎ፣ ከጠዋት እስከ ማታ ቤት ውስጥ እንውል ነበር። ሰርቪስ ቤታችንን የተከራየ ከሌላ ክልል የተመደበ የታሪክ አስተማሪ ነበር፤ እሱ ነው ለቶለሳ የዘመኑን ጦርነት የሚመስል የሰሌዳ ጨዋታ መኖሩን ያወራለት። እንደ ቼዝ ሁለቱ ወገኖች እኩል አይደሉም፤ አንዱ ብዙ ነው፣ ሁሉም ያየዋል፤ ሌላው ጥቂት ነው፣ ይደበቃል፤ የሚያሸንፉበትም መንገድ የተለያየ ነው። ቶለሳ ይህን ሰምቶ ሌሊቱን ሲገላበጥ አድሮ፣ በማግስቱ አባቴ ከትምህርት ቤት ካመጣው አሮጌ ማኒላ ጀርባ ላይ የኛን አገር ሣለ፤ ነቀምቴን፣ ሲሬን፣ የአንገርን ወንዝ፣ ከላይ ጫፍ ላይ ኪራሙን፤ መንገዱን በቀይ ቢክ፣ ጫካውን በአረንጓዴ።

«ብዙዎቹ» ያልነው ወገን ሃያ ቀይ ቆርኪዎች ነበሩ፣ መንገዶቹን በሙሉ ከያዙ ያሸንፋሉ። «ስውሮቹ» ስምንት የተደፉ ጥቁር ቆርኪዎች ሲሆኑ፣ ከሥራቸው ምልክት ያላቸው እውነተኞቹ ሦስቱ ብቻ ነበሩ፤ እነሱ ለማሸነፍ አለመያዝ ብቻ ይበቃቸው ነበር። በየመንደሩ አምስት አምስት የበቆሎ ፍሬ ይቀመጣል። ወደ መንደር የገባ ወገን ከፍሬዎቹ የተወሰኑትን ወደ ራሱ ያደርጋል፤ ሁለቱም ተራ በተራ የገቡበት መንደር ግን ፍሬው ተለቅሞ የቲማቲም ድልህ ቆርቆሮ ውስጥ ይጣላል። እኔ ስውሮቹን መጫወት እወድ ነበር። ኪራሙን ባዶ አድርጌ ሳሸንፍ፣ «በይ ተዪ፣ ዕድል ነው» ይለኝ ነበር ቶለሳ፤ እኔም «ዕድል አይደለም፣ አንተ መንገድ መንገዱን ስለምታይ ነው» እያልኩ ቆርቆሮውን ጆሮው ሥር አንኳኳበት ነበር።

በኅዳር አንዲት የማናውቃት ሴት የደምሴን ልጅ የሺን እጇን ይዛ በራችን ላይ ቆመች። የሺ አሥር ዓመቷ ነበር፤ ገና ሕፃን ሳለች እናቷ ስለሞተችባት ያሳደጋት አባቷ ብቻ ነው። እግሯ ተላልጧል፣ ፀጉሯ በጥቁር ሻሽ ታስሯል። ሴትየዋ ውኃ ጠጥታ፣ «መንገድ ላይ ብቻዋን ነው ያገኘኋት። እባካችሁ ልጅቱን ምንም አትጠይቋት» ብላ ዕንባዋን ጠረገችና ሄደች።

በኛ ዘንድ መርዶ ብዙ ጊዜ በግልጽ ቃል አይነገርም፤ የሚያረዳው ሰው አንገቱን ይደፋል፣ የሚረዳውም አይጠይቅም። እናቴ ጥቁሩን ሻሽ አየች፣ «አትጠይቋት» የሚለውን ሰማች፣ በቃ መሬት ላይ ወደቀች። ከሰዓት የእድራችን ዳኛ ኦቦ ገለታ ድንኳን አስተክለው፣ ሦስት ቀን በኦሮምኛም በአማርኛም ተለቀሰ፣ ተጸለየ። የሺ ከሴቶቹ መካከል ቁጭ ብላ፣ አንድም ቃል ሳይወጣት፣ አንድም ዕንባ ሳታፈስ ሁሉን ታይ ነበር። «በሐዘን ደርቃ ነው፣ የኔ እናት» ይሉ ነበር ሴቶቹ። እናቴ ጥቁር ለበሰች፣ እኛም ማኒላውን ጠቅልለን አልጋ ሥር ከተትነው።

ገና አልፎ ጥር ሲገባ የሺ አንዳንድ ቃል መናገር ጀመረች፤ ውኃ፣ እሺ፣ በቃኝ። አንድ ቅዳሜ ከሰዓት ቶለሳ መጽሐፉን ሲፈልግ ማኒላው ከአልጋ ሥር ተንከባልሎ ወጣ። ልንደብቀው ስንል የሺ አጠገቡ ተቀምጣ ዘረጋችው። ቶለሳ ግራ ገብቶት ቆርኪዎቹንና ፍሬዎቹን ደርድሮ ጨዋታውን ማስረዳት ጀመረ፤ ቀዮቹ ይሄዳሉ፣ ከዚያ ጥቁሮቹ ይሄዳሉ እያለ። እሷ ጣቷን ፍሬዎቹ ላይ አድርጋ ጠየቀች።

«የበቆሎዎቹ ተራ መቼ ነው?»

«እነሱ ተራ የላቸውም» አለ ቶለሳ።

«ለምን?»

አንድ ክረምት ሙሉ ስንጫወት አንዳችንም ያላሰብነው ነገር ነበር። የሺ መልስ አልጠበቀችም። «እኔ በቆሎዎቹን ልሁን» ብላ ከኪራሙ ሁለት ፍሬ አነሣችና በቀዩ መንገድ ሳይሆን በጫካው ዳር፣ አንድ በአንድ፣ እየቆመች ታስኬዳቸው ጀመር። «እዚህ ቀን ተኛን። እዚህ ጋ ውሾች አሉ፣ በዚህ በኩል ዞረን አለፍናቸው።» ወንዙ ጋ ሳትደርስ አንዱን ፍሬ አስቀመጠችው፣ ሌላውን ወደ ነቀምቴ አሻገረችው።

«ያኛውስ?» አልኳት።

«እሱ አባዬ ነው። እግሩ ተሰብሯል። ኦቦ ዋቅጅራ ቤት፣ ከበቆሎው ጎታ ኋላ ነው ያለው።»

እናቴ በር ላይ ቆማ ነበር። መቼ እንደመጣች አላየንም። የያዘችው ትሪ ሲወድቅ ሁላችንም ደነገጥን፤ የሺ ግን ከሁላችን በላይ ደንግጣ ሁለቱን እጆቿን አፏ ላይ ጫነች። ቀስ በቀስ እንደተረዳነው፣ አባቷ ከገደል ወድቆ እግሩ ሲሰበር፣ ኦቦ ዋቅጅራ የሚባሉ አብረውት ደቦ ይወጡ የነበሩ የኦሮሞ ገበሬ ተሸክመው ቤታቸው ደብቀውት፣ ልጅቱን የሚሸሹ ሰዎች ወዳሉበት መንገድ አድርሰው፣ «ልጄ፣ እዚህ መኖሩን ለማንም እንዳትናገሪ፤ ከተሰማ እሱም እኔም አንተርፍም» ብለዋታል። እሷም ለማንም አልተናገረችም። ለአባቷ ድንኳን ሲተከል አልተናገረችም፣ አክስቷ ደረቷን ስትመታ አልተናገረችም።

አባቴ ማታ ሲሰማ በሩን ዘግቶ፣ «ይህ ወሬ ከዚህ ቤት አይወጣም» አለ። ስለዚህ በሕይወት ላለ ሰው ማልቀሳችንን ቀጠልን። እናቴ ጥቁሩን አላወለቀችም፤ ጎረቤቶች ሊያጽናኗት ሲመጡ ታለቅስ ነበር፣ ለቅሶውም የውሸት አልነበረም፣ አሁን የምታለቅሰው እንዳይገኝ ፈርታ ነበርና። ኦቦ ገለታ «በቃ፣ እግዚአብሔር ይቆጣል» ሲሏት አንገቷን ትደፋ ነበር። እኔም ክፍል ውስጥ ጓደኞቼ «እግዚአብሔር ያጥናሽ» ሲሉኝ «አሜን» እል ነበር። አባቴ እናቱን ለመጠየቅ በሚል ሲሬ ሄዶ፣ የኦቦ ዋቅጅራን የወንድም ልጅ ፈልጎ አግኝቶ ተመለሰ። ከሁለት ሳምንት በኋላ «አለ፣ መንገድ ይጠብቃል» የሚል ቃል ብቻ መጣ።

መንገዱ ሲከፈት ማን እንዳመጣው አላየንም፤ ባጃጅ በራችን ላይ ቆመና ኤሱማ በከዘራ ተደግፎ ወረደ። እናቴ እየሮጠች ወጥታ ፊቱ ስትደርስ ቆመች። እሱ ከእግር እስከ ራሷ ጥቁሩን አይቶ ፊቱ ተለወጠ።

«እህቴ፣ ማን ሞተብሽ?»

የሺ ናት ከኋላችን ሆና የመለሰችለት።

«አንተ ነህ፣ አባዬ።»

ኤሱማ አጥሩን ተደግፎ መሬት ላይ ቁጭ አለ። ማታ ኦቦ ገለታ አንገታቸውን ደፍተው ሲገቡ ግን፣ «ኦቦ፣ ድንኳኑ ሞልቶ ነበር? ስንት ሰው አለቀሰልኝ?» ብሎ ጠየቃቸው። «ዝናብ ሆኖ ነው እንጂ ይበዛ ነበር» አሉት፤ ከዚያ ሁለቱም መሳቅ ጀምረው መጨረስ አቃታቸው።

ያኔ አለመጠየቅ ደግነት ይመስለኝ ነበር፤ ትልልቆቹ ሳይጠይቁ የሚያውቁ ይመስለኝ ነበር። አሁን በማደሪያችን ከየአገሩ የመጡ ልጆች አሉ፤ አንዳንዷ አልጋዋ ላይ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ ትውላለች፣ እኔም ሄጄ አጠገቧ ቁጭ ብዬ፣ ከየት መጣሽ፣ እነማንን ትተሽ መጣሽ ብዬ እጠይቃለሁ። አንዳንዴ ትቆጣኛለች። ኤሱማ ወደ ኪራሙ አልተመለሰም፤ ሲሬ ላይ መሬት ተከራይቶ ያርሳል፣ ኦቦ ዋቅጅራም ዛሬም እዚያው ቤታቸው ናቸው፤ ለእነሱ ነገሩ መቼ እንደሚያልቅ አላውቅም። በኛ ቤት ግን ያለቀው እናቴ ጥቁር ልብሷን ባወለቀችበት ቀን ነው፤ መጋቢት ዘጠኝ፣ ሐሙስ።