ለቅሶ ቤት የተነገረች ቀልድ

ዝርዝሩን ልሳሳት እችላለሁ፤ ቀኑ ቅዳሜ ይሁን እሑድ እንኳ እርግጠኛ አይደለሁም። ሳን ሆዜ፣ ነርሲንግ ሆም በሚሉት የሕሙማን መጦሪያ ውስጥ ለወራት ተኝቶ ያረፈ ወዳጄን ቀብረን፣ ኦክላንድ እኅቱ ቤት ለቅሶ ተቀምጠናል። ሳሎኑ ጢም ብሏል። ሰው ሥጋ እያላመጠ «እንዴት ያለ ደግ ሰው ነበር» ሲል ስሰማ አንገሸገሸኝ።

ታላቅ እኅቱ ጥቁር ነጠላቸውን እንደተከናነቡ ዝግ ብለው ተናገሩ፦ «ወንድሜ ሲታመም አድራሻው ለሁላችሁም ጠፍቶባችሁ ነበር። ሲሞት ጂፒኤሱ ሠራላችሁ።»

ገሚሱ ሳህኑ ላይ አቀረቀረ። እኔ ከሳቁት ወገን ነበርኩ።

«አንተስ ዶክተር፣ ጠይቀኸዋል?» አሉኝ።

«እንዴታ እትዬ፣ ሁለቴ ሄጃለሁ።»

ስናገረው አምኜበታለሁ፤ አልጋው የነበረበት ክፍል ሳይቀር ታይቶኛል። እሳቸውም «አንተስ ወንድም ነህ» ብለው ጉንጬን ሳሙኝ። ከዚያ ሁሉ ማላመጥ ይልቅ የቀፈፈኝ ያ መሳም ነው፤ ውስጤ አንድ ነገር ጠርጥሮ ነበር።

በሳምንቱ ወደ ሳን ሆዜ ነዳሁ። እንግዳ መቀበያው ላይ ያለውን፣ ጠያቂ ሁሉ ሳይፈርም የማይገባበትን መዝገብ፣ ወዳጄ ከገባበት ቀን እስካረፈበት ድረስ ገጽ በገጽ አየሁት። ስሜ የለበትም።