ከጠፋሽ አትሩጪ

ትናንት በካዛንቺስ ሳልፍ የድሮ ሰፈራችንን ትልቁን ጽድ ለመንገድ ማስፋፊያ ሲቆርጡት ደረስኩ። የመጋዙ ብናኝ ሲሸተኝ ወደ ሰባት ዓመቴ ተመለስኩ።

አባቴ የደን ጠባቂ ነበር። ያኔ የምንኖረው ገጠር፣ እዚያው የሚጠብቀው ጫካ ውስጥ ነበር። «ከጠፋሽ አትሩጪ» ይለኝ ነበር። «ትልቁን ዛፍ ፈልጊና ሥሩ ቁጭ በይ። እኔ እስክመጣ እንዳትነሺ።» ሁለቴ ጠፍቼ ሁለቴም አግኝቶኛል።

አንድ ቀን አክስቴ መጥታ ካዛንቺስ ወሰደችኝ። አባዬ የት እንደቀረ የነገረኝ የለም፤ ለልጅ መርዶ አይነገርም ተባለ መሰለኝ። ሰፈሩ ሁሉ ቆርቆሮ አጥር ነው፣ አንዱ ከአንዱ አይለይም። በሦስተኛው ቀን መጥፋቴ ገባኝ። ስለዚህ ጽዱን ፈልጌ ሥሩ ቁጭ አልኩ። ዝናብ መጣ፤ አልተነሳሁም።

አክስቴ እየሮጠች ደረሰች። «አንቺ ልጅ! እዚህ ምን ትሠሪያለሽ?»

«ጠፍቼ ነው፣ እትዬ። አባዬን እየጠበቅኩት ነው።»

ነጠላዋን አልብሳኝ አጠገቤ ጭቃው ላይ ተቀመጠች። «አባትሽ እኮ የዚህን አገር መንገድ አያውቀውም» አለችኝ።

«ጠይቆ ይመጣል» አልኳት።

ፊቷን አዞረች። ዝናቡን የምታይ መስሎኝ ነበር። መሞቱን የነገረችኝ ከሁለት ዓመት በኋላ ነው።

ትናንት ባለመጋዙ «እህቴ፣ ተነሺ እንጂ፣ ሊወድቅ ነው!» ብሎ ጮኸብኝ። መቼ ሥሩ እንደተቀመጥኩ እንኳ አላውቅም።