የዩና አባት ወንድም

ፀዳለ ድሮም ሰው ቶሎ አታምንም፤ ካለፈው ክረምት ወዲህ ግን ጭራሽ ባሰባት። ኦክላንድ፣ ፍሩትቬል ሰፈር ያለው አፓርታማቸው በር ሲንኳኳ፣ ባሏ ሳይቀድማት ሮጣ ትከፍታለች። የመጣውን ሰው ገና ደፍ ላይ እንደቆመ ፊቱን ታጠናዋለች፤ ትንሽ እንኳን ያዘነ ከመሰላት "ደምሴ ተኝቷል" ብላ ትመልሰዋለች። ደምሴ ደግሞ ሶፋው ላይ ተጋድሞ ኳስ እያየ "ማነው?" ይላል። "ፓኬጅ ነው" ትለዋለች። ኧረ ስንቱን ሰው ፓኬጅ አደረገችው!

ነገሩ እንዲህ ነው። ደምሴ የልብ ኦፕራሲዮን ባደረገ ሰሞን፣ ታናሽ ወንድሙ ገረመው አዲስ አበባ ላይ በድንገት አረፈ። እህታቸው እትዬ ፋንታዬ ለፀዳለ ደወሉና "አደራሽን፣ እስኪጠነክር ድረስ እንዳይሰማ" አሏት። ዶክተሩም ድንጋጤ የሚባል ነገር እንዳይነካው አስጠንቅቋል። ደግሞስ መርዶ ወግ የለውም እንዴ? ሽማግሌ ተሰብስቦ፣ በማለዳ፣ ሰውየው ዙሪያውን በሰው ተከቦ ነው የሚነገረው። ደረቱ ገና በስፌት ለተያዘ ሰው እንደ ቴክስት አይላክም።

ስለዚህ ፀዳለ ዋጥ አደረገችው። ለልጇ ለሊሊ እንኳን አልተነፈሰችም። የደምሴን ስልክ ተቀብላ ፌስቡኩን ዲሊት አደረገችና "ለልብህ ጥሩ አይደለም" አለችው። ደምሴ "እሺ" ብሎ ስልኩን ትራሱ ሥር ከተተ። መጀመሪያ መጀመሪያ፣ ሆስፒታል እያለ፣ "ገረመው አልደወለም?" ይላት ነበር፤ "ኔትወርክ የለም እኮ እዚያ" ትላለች። በኋላ መጠየቁንም ተወው። መድኃኒቱ ነው የሚያስረሳው ብላ ተጽናናች።

ሥራዋ አላሜዳ ነው፤ ዩና ለሚባሉ አየርላንዳዊት አሮጊት ኬርጊቨር ናት። ታጥባቸዋለች፣ ታበላቸዋለች፣ ደጅ ወጥተው ፀሐይ እንዲሞቁ ትደግፋቸዋለች። አንድ ቀን ዕቃ እያጠበች እንባዋ አመለጣት። ዩና መደገፊያቸውን እየገፉ መጥተው "ምን ሆንሽ?" ሲሏት ዘረገፈችው፤ የገረመውን ሞት፣ በር ላይ መሮጧን፣ ፓኬጁን፣ ሁሉንም። ፈረንጅ ናቸው፤ ማኅበር የለባቸው፣ ክርስትና አይጠሩ፣ ለማን ይነግራሉ? ቢሆንም ቃል አስገባቻቸው።

"ለማንም እንዳይናገሩ።"

"አልናገርም" አሉ ዩና።

ሳምንት ሳይሞላ ሊሊ እናቷን ልትወስድ መጣችና መደርደሪያው ላይ አንድ መጽሐፍ አነሳች። ከጀርባው የዩና ፎቶ ተለጥፏል። "ማሚ፣ ሺ ኢዝ ኤ ራይተር! የምታውቀውን ሰው ሁሉ ትጽፋለች" አለች እየሳቀች። ፀዳለ መጽሐፉን ከእጇ ነጠቀቻት።

እንግዲህ ያ አቧራውን ስትጠርግለት የከረመችው መደርደሪያ ሁሉ የወግ መጽሐፍ ኖሯል። የአየርላንድ ሰው የጻፈው፣ ስለ ራሱ ስለ ገዛ ጓዳው። አንዱ የእናቱን ኩሽና፣ አንዱ የሞተበትን ውሻ፣ አንዷ ከባሏ የተጣላችበትን ምክንያት፣ አንዱ የጉልበቱን ቁርጥማት! ዩና ይኼን ሲያስረዷት ፊታቸው በራ።

"ልብ ወለድ ይዋሻል፤ ወግ ግን አይዋሽም። እኔ ከጻፍኩት ውስጥ ያልሆነ ነገር አንድም አታገኚም።"

ኧረ በስመ አብ! እኛ ዘንድ ሰው ገመናውን የሚናገረው ለንስሐ አባቱ ነው፤ ያውም አንገቱን ደፍቶ፣ በሹክሹክታ። እነዚህ ደግሞ ጠርዘው፣ ፎቷቸውን ለጥፈው አደባባይ ያወጡታል! "ጉዴ ፈላ" አለች ፀዳለ በልቧ። ደምሴ እንደሆነ ሹፌር ነው፤ ተሳፋሪ ሲጠብቅ መኪናው ውስጥ ያገኘውን ሁሉ የሚያነብ ሰው ነው። የወንድሙን ሞት ከመጽሐፍ ሊያነብ ነው? ብቻውን? መሪ እንደጨበጠ?

ከዚያ ወዲህ ዩና ብዕር ባነሱ ቁጥር ፀዳለ የምታጸዳው ነገር እዚያው ክፍል ውስጥ ታገኛለች። ስትደርስ ወረቀቱን ገልበጥ ያደርጉታል። "ከደበቀችማ ነገር አለ" ትላለች። በሰው ፊት አንቱ፣ በሆዷ ግን አንቺ ማለት ከጀመረች ሰንብታለች።

ደምሴ ቀስ እያለ እንዲነዳ ሲፈቀድለት ደግሞ ሌላ ጣጣ መጣ። ዩና "ሐሙስ ሐሙስ ላይብረሪ ባልሽ ያድርሰኝ" አሉ። እምቢ ብትል ምን ትበል? እሺ አለች። ደምሴ ግን ከሐሙሱ ጉዞ ሲመለስ ዓይኑ ቀልቶ ነው የሚገባው።

"ምን ሆነህ ነው?"

"አለርጂ ነው።"

"ከመቼ ወዲህ ነው አንተ አለርጂ የያዘህ?"

"አገሩ ሁሉ አበባ ሆነ እኮ፣ ምን ላድርግ?"

"ምን ስትጫወቱ ነበር ታዲያ?"

"ስለ አየሩ" ይላታል፣ ጀርባውን ሰጥቶ ጫማውን እያወለቀ።

ፀዳለ አወጣች አወረደች። ሴትዮዋ ነግራው ቢሆንማ ቤቱን በጩኸት ያናጋው ነበር። አልነገረችውም። እንግዲያው የልጅነት ወሬ እያስወራች፣ ገረመው እንዴት ነበር እያለች፣ እያስናፈቀችው ነው። ሥጋውን ከእኔ ወሰደች፣ ቅመሙን ከእሱ ልትጨምር ነው! ቆሽቷ አረረ። በማግስቱ የዩናን ፀጉር እያበጠረች መታገሥ አቃታት።

"ጽፈውኛል አይደል?"

"ስምሽን አልጻፍኩም።"

"ስሜን መች ጠየቅኩዎት!"

ዩና በመስታወቱ ውስጥ አዩዋት። "ቅዳሜ ሳን ሆዜ፣ ላይብረሪ ውስጥ፣ ገና ካልታተመው አዲሱ መጽሐፌ አነባለሁ። ነይና ስሚ። ደምሴም ይምጣ።"

"እሱ ምን ቁርጥ አድርጎት!" አለች ፀዳለ። ሥራዋን ልትለቅ ሁሉ አስባ ነበር። ብትለቅ ግን ሴትዮዋን ማን ይጠብቃታል?

ቅዳሜ ከሰዓት፣ ደምሴ እየነዳ፣ ሳን ሆዜ ደረሱ። ፀዳለ ላይብረሪው በር ላይ "አንተ መኪናው ውስጥ ጠብቀን፣ ሰው ይበዛል፣ ይደክምሃል" አለችው። ደምሴ "ለሴትዮዋ ቃል ገብቻለሁ" ብሎ ቀድሟት ገባ። ከኋላ ተቀመጡ። የመጣው ሰው ጥቂት ነው፤ አብዛኛው ሽበታም። ዩና መነጽራቸውን አስተካከሉና "የማነብላችሁ ወግ 'የአባቴ ወንድም' ይባላል" አሉ።

ፀዳለ በሩ በየት በኩል እንደሆነ አየች።

ዩና ማንበብ ጀመሩ። በአየርላንድ ምዕራብ፣ በአንድ ትንሽ መንደር፣ አባታቸው ልቡን ታሞ ተኝቷል። ወንድሙ ባሕር ተሻግሮ ቦስተን ሄዶ ነበር፤ እዚያው ሞተ። እናታቸው ወሬውን ደበቀች። በር ሲንኳኳ ቀድማ የምትሮጠው እናታቸው ነበረች። የሚያጽናና ፊት ይዞ የመጣውን ጎረቤት ሁሉ "እንቁላል ሊገዛ ነው" እያለች ትመልሰው ነበር።

እንቁላል! የእኔን ፓኬጅ እንቁላል አደረገችው! ፀዳለ ዓይኗ ደም ለበሰ። ደምሴን ጎትታ ልታስወጣው ክንዱን ያዘችው። እሱ ግን ንቅንቅ አላለም። ዩና ቀጠሉ።

"አባቴ ግን ገና በጠዋቱ ሰምቶ ነበር። እናቴ ልቡን ልታተርፍ እንዲያ ስትባዝን ሲያይ፣ አውቃለሁ ማለት አቃተው። መነሳት ሲችል ላም ላልብ እያለ ወደ በረት ይሄድና፣ ግንባሩን የላሟ ጎን ላይ አስደግፎ ያለቅስ ነበር። ዓይኑ ቀልቶ ሲመለስ፣ ድርቆሹ ነው ይላታል። በአንድ ቤት ውስጥ፣ አንዱን ሙት ለሁለት ተደባበቁት።"

የፀዳለ እጅ ክንዱ ላይ እንዳለ ደረቀ። ዞራ አየችው። ደምሴ እያለቀሰ ነው። ደግሞ አልደነገጠም። መርዶ የሰማ ሰው አለቃቀስ አልነበረም። የቆየ ለቅሶ ነበር።

"አንተ… መቼ ነው?"

"ሆስፒታል እያለሁ። አንቺ መድኃኒት ልታመጪ ወጥተሽ አንድ የሥራ ጓደኛዬ፣ ኮንኮርድ የሚኖር ሹፌር፣ ደውሎ እግዚአብሔር ያጽናህ አለኝ። የሰማሁ መስሎት።"

"ታዲያ ለምን አልነገርከኝም?"

"እንዴት ብዬ? ያን ሁሉ ሰው ፓኬጅ ስታደርጊ እያየሁ?" እንባው አገጩ ላይ ተንጠለጠለ። "ሐሙስ ሐሙስ እሳቸው ጋ አለቅሳለሁ። እንዳይነግሩሽ ቃል አስገብቻቸዋለሁ።"

"ምነው፣ ምነው ደምሴ! ብቻህን!" ትከሻውን በጡጫ መታችው፤ ደረቱን ፈርታ። ከዚያ "ገረሜ! ወንድሜ!" ብላ አቀለጠችው። እዚያው፣ ሰው ጮክ ብሎ በማያስነጥስበት ላይብረሪ ውስጥ፣ ሁለቱም እኩል አለቀሱ። ሽበታሞቹ ዞረው አፈጠጡ። ዩና ወረቀታቸውን አጠፉ።

እሑድ ለቅሶ ተቀመጡ። ከኦክላንድም ከሳን ሆዜም ሰው ጎረፈ፤ ፀዳለ በር ላይ የመለሰችው ሁሉ ተመልሶ መጣ። ሊሊ ዩናን ደግፋ አስገባቻቸው። ነጠላ ካጣፉት ሴቶች መካከል ተቀመጡ፤ ቋንቋው ባይገባቸውም ሴቶቹ ሲያለቅሱ አብረው አለቀሱ።

ፀዳለ ውሃ ይዛላቸው መጥታ አጠገባቸው ተንበረከከች። ስንት ጊዜ በሆዷ አንቺ ያለቻቸው ትዝ ብሏት አፈረች፤ ደህና ነገር ልትናገራቸው ፈለገች።

"አባትዎስ? እሳቸውስ በመጨረሻ ለወንድማቸው በደንብ አለቀሱ?"

ዩና ብርጭቆውን በሁለት እጃቸው ተቀበሉ። መልስ ከመስጠታቸው በፊት ደምሴን፣ ሽማግሌዎቹ መሃል ትከሻ ተደግፎ የተቀመጠውን፣ ትንሽ አዩት።

"አባቴ ወንድም አልነበረውም፣ ፀዳለ" አሉ። "ለእናቱ አንድ ነበር።"