ጅቡን መድረክ ላይ ያወጣሁ ቀን

ዛሬ አራዳ፣ ፊልሜን ባሳየሁበት አዳራሽ፣ አንዲት እናት የልጇን ፊት በነጠላዋ ሸፈነች። የሸፈነችው ከፊልሙ ጅብ አይደለም፤ ከአያ ተገኘ ነው።

ለማታውቁኝ፣ የድሮ የልጆች ተረቶችን ካርቱን ፊልም እያደረግሁ ነው የምኖረው። የዛሬው በጃንሆይ ጊዜ ተማሪ ቤት ይነበብ የነበረ የጅብና የአህያ ተረት ነው።

የጅቡን ድምፅ የሠሩልኝ አያ ተገኘ ናቸው፣ የአምባ ጊዮርጊስ ሽማግሌ። ሲናገሩ ወፍጮ የሚፈጭ ይመስላል።

(የኔ ጅብ አህያዋን እንኳ አይበላትም። ስፖንሰሩ "ልጆች ያለቅሳሉ" ብሎ አስቀይሮኛል።)

ፊልሙ አልቆ ልጆቹ ሲያጨበጭቡ አያ ተገኘን እጃቸውን ይዤ መድረክ ላይ አወጣኋቸው። "ጅባችን እኚህ ናቸው!" አልኩ በማይክ።

ከኋላ አንድ የአገራቸው ሰው ጮኸ፦ "የቀጥቃጩ ልጅ አይደል እንዴ? ቡዳ ጅብ ለመሆን ካርቱን ምን ያደርግለታል!"

አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ወዲያው እናቶች ልጆቻቸውን እየሸፋፈኑ መውጣት ጀመሩ። ሲስቁ የነበሩት እነሱው ናቸው።

አያ ተገኘ አልተቆጡም። ጋቢያቸውን ሰብሰብ አድርገው፣ "እኔ ተማሪ ሳለሁም ይኸ ተረት ሲነበብ ክፍሉ ሁሉ ዞሮ እኔን ነበር የሚያይ" አሉኝ።

"ታዲያ ምነው እሺ አሉኝ፣ አያ?"

"ካርቱን ነው ስትለኝ ጊዜ፣ ፊቴ አይታይም ብዬ ነዋ ልጄ።"

እናንተ ሰፈርስ እንዲህ እየተባለ ያረጀ ሰው አለ? ስሙን አትጻፉ። ሰዉ ቡዳ ሲለው እናንተ ምን እንዳላችሁ ጻፉልኝ።