በእናቴ አንገት ላይ የነበረው ፊት

ባለፈው ሳምንት ዓለም ባንክ ሰፈር ያለውን የቤታችንን የብረት በር የሚቀባልኝ አንድ ወጣት ጠርቼ ነበር። ቀለሙን በአኳራጅ ማቅጠን ሲጀምር አፍንጫ የሚወጋው፣ ጉሮሮ ውስጥ መራራ ሆኖ የሚቀረው ያ ሽታ ግቢውን ሞላው። እኔም የማርመውን የተማሪዎች ፈተና አስቀምጬ፣ ልጅ ሆኜ ወዳደግሁበት ወደ ዘነበወርቅ፣ ወደ ጋሽ ዘርጋ ቤት በሐሳብ ሄድኩ።

ጋሽ ዘርጋ ጎረቤታችን ነበሩ፤ ሥራቸውም ከአውራ ጣት ጥፍር ብዙም በማይበልጥ ክብ ቆርቆሮ ላይ የሰው ፊት መሣል ነበር። ሥዕሉ እንደ መጽሐፍ በሚከፈት የሐብል ጌጥ ውስጥ ገብቶ አንገት ላይ ይንጠለጠላል። ሙያውን የጀመሩት የቤተ ክርስቲያን ሠዓሊ ለነበሩት አጎታቸው ቀለም በመበጥበጥ ነው፤ አጎትየው ግድግዳ ሙሉ መላእክት ሲሥሉ፣ እሳቸው ከመሰላሉ ሥር ተቀምጠው በተረፈው ቀለም የመላእክቱን ፊት ጠጠር ላይ ይገለብጡ ነበር። በወጣትነታቸው ሙሽሮችና ወደ ግዳጅ የሚሄዱ ወታደሮች በራቸው ላይ ወረፋ ይይዙ እንደነበር በኩራት ያወሩ ነበር። እኔ ሳውቃቸው ግን በየፌርማታው ፎቶ ቤት ተከፍቶ ሙሽራውም ወታደሩም ወደዚያ ሄዶ ነበር፤ በራቸውን የሚያንኳኩት አብዛኞቹ ጥቁር የለበሱ ሴቶች ነበሩ። እነሱ ሲመጡ እኔ ወደ ጓሮ እላካለሁ። ለምን ብዬ ጠይቄ አላውቅም፤ ትልልቅ ሰዎች ሲነጋገሩ ልጅ መውጣቱ የታወቀ ሥርዓት ነበርና።

እኔ የቅዳሜ ሰው ነበርኩ። ቅዳሜ ጠዋት እናቴ ፊቴን አሳጥባ፣ ፀጉሬን ጎንጉና ትልከኛለች፤ ፀሐይ በቀጥታ በማይገባበት መስኮት አጠገብ፣ በተገለበጠ የቢራ ሳጥን ላይ እቀመጣለሁ። ጋሽ ዘርጋ ማጉያ መነጽራቸውን ዓይናቸው ላይ ሰክተው፣ ከራሳቸው ድመት ጭራ በቆረጡት ፀጉር በሠሯት ቀጭን ብሩሽ ትንፋሻቸውን ይዘው ይሠራሉ፤ ድመቲቱም ጭራዋ ከግማሽ በላይ ተመልጦ ስለነበር መቀስ ባየች ቁጥር አልጋ ሥር ትገባለች። ነፋስ ከቆሻሻ መጣያው ከቆሼ በኩል ሲነሳ መስኮቱ ይዘጋና አኳራጁ ከእኛ ጋር ይቀራል። ባለቤታቸው እትዬ አስካለ በዚያ ሲያልፉ፣ «ይቺ ልጅ ከእንግዲህ የቤት ኪራይ ትክፈለን እንጂ» ይላሉ። ጋሽ ዘርጋ ደግሞ ሳያስነጥሱ ለመቆየት እየታገሉ፣ «አትነቃነቂ ምትኬ፣ ጆሮሽ ይጠፋብኛል» ይሉኛል።

ስሜ ምትኬ የተባለው ሴት አያቴ ባረፉ በዓመቱ ስለተወለድኩ እንደሆነ ተነግሮኛል፤ በዚህም አምኜ አድጌያለሁ።

በየዓመቱ፣ የክረምቱ ዝናብ ሲያባራ፣ በእናቴ ሐብል ውስጥ ያለው ሥዕል በአዲስ ይተካል። ልጅቷ ጉንጯ እየቀነሰ፣ አንገቷ እየረዘመ፣ ከእኔ ጋር እኩል ታድጋለች። ከእኔ የምትለየው በሁለት ነገር ነበር። አንደኛ፣ የወርቅ ሎቲ አላት፤ የእኔ ጆሮ ግን ሲበሳ መግሎ ስለነበር ተደፍኖ ቀርቷል። ሁለተኛ፣ ግራ ቅንድቤን ለሁለት የሚከፍለው ጠባሳ እሷ ላይ የለም። ያ ጠባሳ የተረፈኝ አንድ ቅዳሜ ቀድሜ ልድረስ ብዬ ስሮጥ ጋሽ ዘርጋ ደጃፍ ያለው ድንጋይ ላይ ወድቄ ነው። ሎቲውን ስጦታ፣ የጠባሳውን መቅረት ደግሞ ቸርነት አድርጌ ቆጠርኩት። ከእኅት ከወንድም ተለይቼ የምወደድ ልጅ መሆኔን ለማወቅ ከዚህ በላይ ማስረጃ አላስፈለገኝም፤ እናቴ ፊቴን ከልቧ ላይ አንጠልጥላ ገበያ ትሄድ ነበራ! አንዳንዴ ሐብሉን ከፍታ ስትመለከት ደርሼ፣ «እኔ ነኝ?» እላታለሁ። ግንባሬን ስማ ትዘጋዋለች።

እናቴ ባለፈው ክረምት አረፈች፤ ሐብሉም ለእኔ ደረሰ። በሩ በተቀባ ማግስት፣ የደበዘዘውን የልጅቷን ከንፈር እንዲያድሱልኝ ብዬ ይዤው ወደ ጋሽ ዘርጋ ሄድኩ። ለካ ዓይናቸውን ሞራ ጋርዶት ሥራ ካቆሙ ቆይተዋል። እትዬ አስካለ ግን እንደ ጥንቱ ናቸው፤ «ዘርጋ፣ ኪራይ ያልከፈለችው ተከራይህ መጣች» ብለው አስገቡኝ።

ጋሽ ዘርጋ ሐብሉን ወደ መስኮቱ ይዘው ጠጋ አሉ፤ አፍንጫቸው እስኪነካው አቀረቡትና ፈገግ አሉ።

«ሰብለ ናት» አሉ። «ከሠራኋቸው ሁሉ የምኮራባት እሷ ናት።»

«ሰብለ ማን ናት፣ ጋሼ?»

እትዬ አስካለ «ዘርጋ!» አሉ፤ ግን ዘግይተዋል።

«እናትሽ አልነገረችሽም እንዴ፣ ልጄ?» አሉ ጋሽ ዘርጋ፤ ድምፃቸው ዝቅ አለ። «ከአንቺ በፊት የወለደቻት ናት። ጥርስ ሳታወጣ ሞተችባት። ያመጣችልኝ ፎቶ የአራስ ልጅ ፎቶ ነበር፣ ሎቲ ያደረገች። በየዓመቱ አሳድግልኝ አለችኝ። እኔ የሕፃን ፊት ይዤ የት እደርሳለሁ? እኅት ናት ብዬ ከአንቺ ወሰድኩ።»

ከጓሮ ሆኜ የማያቸው ጥቁር የለበሱ ሴቶች ትዝ አሉኝ።

«ለሌሎቹም ከእኔ ወስደዋል?»

«ሲያስፈልግ» አሉ፣ ያለ አንዳች ሐፍረት። «ጥሩ አገጭ ነበረሽ።»

«እኔንስ ሠርተውኝ ያውቃሉ?»

ጥያቄው በእውነት አስገረማቸው። «አንቺማ አለሽ» አሉ። «ያለውን ሰው ማን ያሠራል?»

ሻይ ቀርቦልኝ ጠጣሁ፤ አመስግኜም ወጣሁ። እስከ ሚኒባሱ ስራመድ፣ በመምህርነቴ እንደለመድኩት፣ ነገሩን ከሥሩ መረመርኩ። እናቴ አልዋሸችኝም። አንድም ቀን «አንቺ ነሽ» አላለችኝም፤ ያልኩት እኔ ነኝ፤ እሷ የሳመችኝ ብቻ ነው። ግን ልጅ ሲጠይቅ መሳም መልስ ይመስለዋል፤ እሷም ይህን ታውቅ ነበር። ፊቴን አሳጥባ በየሳምንቱ የላከችኝ ለሌላ ልጅዋ ዕድሜ እንዳቀብል ነው፤ ስሜንም ያወጣችው በማን ምትክ እንደሆነ አሁን ገብቶኛል። አዝንላት ይሆናል፤ ጊዜው ገና ነው። ለጊዜው ከአንገቷ ሥር ኖሬያለሁ ብዬ ያሳለፍኩት የልጅነት ዘመን በሙሉ ተወስዶብኛል፤ መላሽም የለውም። ዘነበወርቅና አካባቢው ውስጥ በስንት ሴት አንገት ላይ የእኔ አገጭ፣ የእኔ ጆሮ በማላውቀው ስም እንደሚጠራ እንጃ።

የበሩ ቀለም ደርቋል፤ ሽታውም ለቋል። ሐብሉን አላጠለቅሁትም፤ የሰብለ ነውና መሳቢያ ውስጥ አስቀመጥኩላት። ከእነዚያ ቅዳሜዎች ሁሉ የእኔ ነው ብዬ የምናገረው የቅንድቤን ጠባሳ ብቻ ነው። እሱን ማንም አልፈለገውም።