በቆዳ ላይ የበቀለ ዱባ

ዛሬ ጠዋት ጓሮዬ ካለው የጥራጊ ክምር ላይ እንፋሎት ሲነሳ አየሁ። ሌሊቱን ጂንካ ላይ ዝናብ ሲወርድ ነው ያደረው፤ የእኔ ቤት ቆርቆሮ ደግሞ አንዲት ጠብታ ስትነካው ለሠርግ የተጠራ ይመስል ይደልቃል። ከክምሩ ጎን አንድ ዱባ ተቀምጧል። ባጃጅ ላይ ብጭነው ለእኔ መቀመጫ አይተርፍም፤ ይህን ያህላል። እጄን ወደ ክምሩ ሰደድኩ። ይሞቃል። ልጆቼ አዋሳና አዲስ አበባ ከገቡ፣ ባለቤቴም ካረፈች ወዲህ፣ በዚህ ግቢ ከእኔ ሌላ ሙቀት ያለው ነገር እሱ ብቻ ነው።

እጄ እዚያው እንዳለ ከጂንካ ወዲያ ያለችው ትንሿ ከተማ ሃና ትዝ አለችኝ።

ደርግ ከወደቀ ጥቂት ዓመታት ሆኖት ነበር፤ እኔም ገና ጢሜን በመስታወት የምፈልግ ጎረምሳ ነበርኩ። ጋሽ ሰይድ የሚባሉ የጂንካ ቆዳ ነጋዴ ሃና ሄጄ ቆዳ እየገዛሁ እንዳከማች ላኩኝ። «ጨው አይለይህ፤ የቀረውን አላህ ያውቃል» ብለው ሸኙኝ። ጥሬ ቆዳ በደንብ ጨው ከተነሰነሰበት ብዙ ጊዜ ይቆያል፤ ካልተነሰነሰበት ግን እንደ ሥጋ ነው። ለምን እንደሆነ አልጠየቅኩም። በዚያ ዕድሜ የሚጠየቀው ደመወዝ ብቻ ነው።

ሃና ያኔ ጥቂት ቆርቆሮ ቤቶች፣ አንድ የወረዳ ቢሮና ብዙ ሰማይ ነበረች። መኪና የመጣ ቀን ውሾቹ ሳይቀሩ ልብስ ቀይረው የሚወጡ ይመስለኝ ነበር። ከሌላ አገር የመጣነው ሁሉ፣ አስተማሪው፣ የጤና ጣቢያው ሰው፣ የቢሮ ሠራተኛው፣ የምንበላው እትዬ ሙሉ ቤት ነው። ሁዳዴ ስለነበር ዱባ ወጥ በልተን፣ ሽሮ በልተን፣ ደግሞ ወደ ዱባ እንመለሳለን። አንድ ቀን እትዬ ሙሉ ጭልፋዋን ይዛ ቆመችና፣ «በፋሲካ ማንም ብቻውን አይፈስክም፤ ሁላችሁም እኔ ጋ ናችሁ» አለች። ከቤተሰቤ ርቄ የማሳልፈው የመጀመሪያው ፋሲካ ነበር። የቀረውን ጾም የጾምኩት በዚያች ቃል ነው ብል ማጋነን አይደለም። ሌላ ቦታ ግን ሳላጋንን አልቀርም።

ከዚያ ዝናቡ መጣ። የጂንካ መንገድ ጭቃ ሆኖ ተዘጋ፤ እንኳን መኪና ወሬም መምጣት አቆመ። ጨው አለቀብኝ። ቆዳውን ያከማቸሁበት መጋዘን ያፈሳል፤ በናይለን ገመድ ጠፍሬ የደረደርኩት ቆዳ ርሶ ጸጉሩ በእጄ ላይ ይረግፍ ጀመር። ቀጥሎ ሽታው። ስለ ሽታው ብዙ አልልም፤ አሞራዎች መጥተው አንድ ጊዜ ዞሩና ይቅርታ ጠይቀው ሄዱ። ሰዉ ሰላም ሊለኝ ሲል መጀመሪያ ነፋሱ ከየት እንደሚመጣ ያያል። አስተማሪው ወንበሩን ፈቀቅ አደረገ፣ በማግስቱ ደግሞ ጠረጴዛ ቀየረ። በመጨረሻ እትዬ ሙሉ ከደጅ፣ ዛፉ ሥር፣ መቀመጫ ዱካ አስቀምጣ ጠበቀችኝ።

«አንተ ልጅ፣ ከዛሬ ጀምሮ እዚህ ነው የምትበላው።»

«ዝናብ ነው'ኮ እትዬ ሙሉ።»

«እሰየው፣ ይጠብህ።»

በጸሎተ ሐሙስ ነጠላዋን አፍንጫዋ ላይ ይዛ እስከ መጋዘኑ መጣች።

«በፋሲካ ከሰው ጋር መቀመጥ ትፈልጋለህ ወይስ አትፈልግም?»

«እፈልጋለሁ።»

«እንግዲያው ይሄን ጉድህን ቅበረው።»

«የሰው ንብረት እኮ ነው። ጋሽ ሰይድ ምን ይሉኛል?»

«ጋሽ ሰይድህ ጂንካ ናቸው። አፍንጫዬ ግን እዚሁ ነው ያለው።»

ስቅለት ዕለት ከመጋዘኑ ጀርባ መቆፈር ጀመርኩ። መሬቱ ድንጋይ ስለነበር ጉድጓዱ ጥልቅ አልሆነም። ስለዚህ ቆዳውን ከነገመዱ እየበታተንኩ በመሐሉ ገለባና ፍግ አደረግኩበት፤ እትዬ ሙሉም የጾሙን ሁሉ የወጥ ቤት ጥራጊ፣ የዱባ ልጣጩንም ፍሬውንም፣ በጆንያ ሰጠችኝና ከላይ ከምሬ አፈር አለበስኩት። ቆዳ ያመጡልኝ የነበሩ አንድ ከብት አርቢ ሽማግሌ በትራቸውን ተደግፈው ሲያዩኝ ቆዩ። አማርኛ የለመዱት ከነጋዴ ነው።

«ይሄ የማን በሬ ነበር?» አሉኝ።

«እኔ እንጃ፣ አባባ።»

«መልኩስ? ቡሬ ነው? ጥቁር ነው?»

«አላወቅኩትም።»

«ካላወቅከው ለምን ታለቅሳለህ?»

«ሽታው ነው አባባ።»

አላመኑኝም። እኔም ከመሸ በኋላ ራሴን አላመንኩትም።

ፋሲካ ጠዋት ወንዝ ወርጄ በሳሙና ተፋቅሁ፤ ሎሚ አሸሁ። ያለችኝን አንዲት ነጭ ሸሚዝ ለበስኩ። የእትዬ ሙሉ ቤት ሳቅ ከመንገድ ይሰማል፤ የዶሮ ወጡ ሽታ ደግሞ እጄን ይዞ የሚወስደኝ ይመስላል። ገባሁ። ሳቁ ቆመ። ማንም ክፉ አልተናገረኝም። አስተማሪው ብቻ ተነስቶ መስኮቱን ከፈተ።

እትዬ ሙሉ ሳህን ሞልታ እንቁላሉን ደራርባ ሰጠችኝ። «ቀስ ብለህ ብላ የኔ ልጅ፤ ሲለቅህ ትገባለህ» አለች፤ እሷም ከፍቷት ነበር። ወደ ዱካው አልሄድኩም። ሳህኔን ይዤ መጋዘኑ ጀርባ ሄድኩና ክምሩ ላይ ተቀመጥኩ። እንፋሎት ይተን ነበር፤ ሙቀቱ በሱሪዬ አልፎ ተሰማኝ። የሚገርመው ክምሩ አይሸትም፤ የሚሸተው እኔ ነኝ። ያን ምግብ ያላመጥኩት ከሩቅ የሰው ሳቅ እየሰማሁ ነው።

ነገሩን ከብዙ ዓመት በኋላ ያስረዳኝ ግቢዬ ተከራይቶ የነበረ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነው፤ አሁን እሱም ተመርቆ ሄዷል። ቆዳ የሚበሉት በዓይን የማይታዩ ተሕዋስያን ናቸው አለኝ። ጨው ውሃውን ይወስድባቸዋል፣ ያለ ውሃ ደግሞ አይሠሩም። ርጥብ ቆዳ ተደራርቦ አየር ሲያጣ፣ አየር የማይፈልጉት ይሰለጥኑበታል፤ ያ ግማት የእነሱ ሥራ ነው። በገለባ መሐል አየር ሲያገኝ ግን ሌሎቹ ይገቡበታል፤ እነሱ ሲበሉ ሙቀት እንጂ ግማት አያወጡም። በአንድ ጭብጥ አፈር ውስጥ ያሉት ከከተማ ሕዝብ ይበልጣሉ ሲለኝ ሳቅሁ። ብቻዬን ፈሰክሁ እያልኩ ስንት ዓመት ሳዝን፣ ለካ ከሥሬ አንድ አገር ሙሉ ሕዝብ ሲፈስክ ነበር።

ያኔ ሃና ላይ ሽታው በሳምንት ለቀቀኝ፤ ከጎኔ ያለው ወንበር ግን ልማድ ሆኖ ባዶውን ቀረ። ዝናቡ አባርቶ ጋሽ ሰይድ በአይሱዙ ሲመጡ ክምሩን የዱባ ሐረግ ወርሶት፣ ቢጫ አበባ አውጥቶ ነበር። አካፋ ይዘው ቆፈሩ። ጥቁር አፈር፣ የጸጉር ጉንጉን፣ እንደ ርጥብ ወረቀት የሚበጣጠስ ነገር። ሰማያዊው የናይለን ገመድ ብቻ እንደተገዛ ወጣ። ገመዱን አገላብጠው አዩት።

«ቆዳዬን ጨርሶ ይሄን የተወ ምን ዓይነት በላተኛ ነው?» አሉ።

ተማሪው ቢኖር ተሕዋስያኑ ናይለን መብላት ገና አልለመዱም ይላቸው ነበር። ጋሽ ሰይድ «ውጣ፣ ወደ ቤትህ ልመልስህ» ብቻ አሉ። ጋቢና ቦታ እያለ ከላይ፣ ጭነቱ ላይ አስቀመጡኝ። ዱባው ሳያፈራ ሃና ከኋላዬ ቀረች።

ብዙ ዓመት አልፎ የጂንካ ቅዳሜ ገበያ ላይ አንዲት ሴት ክንዴን ያዘችኝ። እትዬ ሙሉ ነበረች፤ አርጅታለች።

«ዱባህ እንዴት ያለ ነበር መሰለህ፤ አንዱን ለማንሳት ሁለት ወንድ ነው የጠራሁት። አገሩ ሁሉ በላ። አስተማሪው ሳይቀር ሲበላ ስምህን ያነሳ ነበር።»

«እኔን ጠርታችሁኝ ቢሆን?»

«መንገድ የለ፣ ምን የለ» አለችና ዓይኗን ወደ ቲማቲሙ መለሰች። በሌላ ቅዳሜ የዚያን ዱባ ዘር በጨርቅ ቋጥራ ላከችልኝ። ከዚያ ወዲህ ክምር ሳልከምርና እሱን ሳልተክል የቀረሁበት ዓመት የለም።

እንግዲህ ከክምሩ ጎን የተቀመጠው የእሱ ልጅ ነው። ባለቤቴ እያለች ቆራርሳ ለሰፈሩ ታድለው ነበር። አሁን ለአንድ ሰው ቢቀቀል እስከ ገና አያልቅም። ከማዶ አዲስ ጎረቤቶች ከገቡ ሰነበቱ፤ በአጥር ሳቃቸውን እሰማለሁ እንጂ መልካቸውን በቅጡ አላውቀውም።

ዱባውን ታቅፌ መንገዱን ተሻገርኩ፤ ወገቤ ሁለት ጊዜ ተቃወመኝ። በራቸው ላይ ስደርስ ከውስጥ ይሳቃል። ዱባውን መሬት አስቀመጥኩት፤ ከማንኳኳቴ በፊት ግን እጅጌዬን ወደ አፍንጫዬ ወስጄ አሸተትኩት።